የእትዬ መርፌ ጣውንት

እትዬ መርፌ ጣውንት ነበረባት። ይህን የምትናገረው ራሷ ናት፤ ያውም ደንበኛ ፊት፣ ስፒል በጥርሷ እንደነከሰች። «የኔዋስ አሮጊት ናት! ጥርሷ የረገፈ፣ ጣሪያዋ የተገፈፈ፣ ወገቧ የተሰነጠቀ። ግን ምን ዋጋ አለው፣ ሰውዬው ከሷ ሌላ አይታየው!» ትላለች። አዲስ ደንበኛ ይደነግጣል፤ የቆየው ይስቃል። ጣውንቴ የምትለው ከከተማው በላይ፣ ኮረብታው አናት ላይ የተቀመጠውን የፈረሰ ግንብ ነው። ባሏ የግንቡ ዘበኛ ነበር፤ ዘበኛ ብቻም ሳይሆን አስጎብኚውም፣ ጠራጊውም፣ ቁልፍ ያዡም እሱው። ሰፈሩ «ጋሽ ግንቡ» ይለዋል። እሷን መርፌ ያሰኛት የልብስ ስፌቱ ነው እንጂ ምላሷ አይደለም ይባላል፤ የሚባለው ግን እሷ በምትሰማበት ጊዜ ነው።

ለዕድሜዋ አንቱ ማለት በተገባኝ። ነገር ግን ታሪኩ ሲጀመር ገና ልጃገረድ ናት፣ እዚያ ላይ አንቱ ብል ራሷም ትስቅብኛለች።

ያኔ መንገድ ዳር በምትገኝ አንዲት ጠባብ ክፍል ውስጥ፣ ከእናቷ በወረሰችው የስፌት መኪና ላይ ተጎንብሳ ትውል ነበር። አንድ ቀን ሱሪው ጉልበቱ ላይ የተቀደደ ወጣት መጣ። ጣፈችለት። ብዙም ሳይቆይ ሌላኛው ጉልበቱ ተቀዶ መጣ። «ምነው፣ በጉልበትህ ነው እንዴ የምትሄደው?» አለችው። «ግንብ ላይ ነው የምሠራው፤ ድንጋዩ ይዞ አይለቅም» አላት እየተሽኮረመመ። ሰፋችለት። ለሦስተኛ ጊዜ ሲመጣ ግን ቀዳዳውን አየት አድርጋ ሱሪውን ጠረጴዛው ላይ ዘረጋችው። «ስማ፣ ይሄ በድንጋይ አልተቀደደም። ይሄ በመቀስ ነው የተቀደደው፤ ያውም ባልተሳለ መቀስ» አለችው። ልጁ መግቢያ አጣ። ምድር ተሰንጥቃ ብትውጠው ደስታው ነበር። እሷ ግን እንባዋ እስኪፈስ ሳቀች፤ ተጋቡ።

እንግዲህ ከሰርጉ በኋላ ነው ጣውንት እንዳለባት የገባት። ሰውዬው ማታ ሲገባ የግንቡን ታሪክ ይዞ ይገባል። ለጎብኚ የሚናገረውን እሷ ላይ ይለማመደዋል፤ እሷ ደግሞ እግሯን መርገጫው ላይ አድርጋ መኪናዋን እያስጮኸች ትሰማለች። «በጥንት ዘመን» ብሎ ይጀምራል፣ «ወንዝ የሚሻገረውን ሁሉ ቀረጥ የሚቀበል አንድ ባላባት ነበር። ሳይከፍል የሚሻገር አላስቀምጥ ስላለው፣ ሁሉንም ከላይ ሆኖ ለማየት ኮረብታው ላይ ግንብ አሠራ። ልጁ ደግሞ ማማውን ጨመረ፤ ማማው ላይ መስኮት አወጣ፣ መስኮቱ ሥር ፊት ለፊት የሚተያዩ ሁለት የድንጋይ መቀመጫዎች አስጠረበ። የልጅ ልጆቹ፣ ሁለቱ ወንድማማቾች፣ በውርስ ተጣሉ። ታላቁ በሩን ዘግቶ ውስጥ ተቀመጠ፤ ታናሹ ጦር አስከትሎ ከበበው። በጋው ሙሉ ተከበበ። ጉድጓዱ ደረቀ። ታላቁ መናገር አሳፈረው፤ ባዶ ባልዲ በገመድ አስሮ በግንቡ ላይ ቁልቁል ለቀቀ። ታናሹ ባልዲውን አየው፣ ውሃ ሞልቶ መልሶ ላከለት። በነጋታው በሩ ተከፈተ።»

«ሴቶቹስ?» ትለዋለች እሷ።

«የቶቹ ሴቶች?»

«ያን በጋ ሙሉ ማን አበሰለ? ማን ልጅ አቀፈ? ወንዶቹ ባልዲ ሲያወጡ ሲያወርዱ፣ ልብሱን ማን ሰፋው?»

«እሱን ታሪኩ አይናገርም» ይልና ይቀጥላል፦ መብረቅ ጣሪያውን እንዳቃጠለው፣ ባለቤት እንዳጣ፣ የከተማው ሰው ደግሞ ድንጋዩን እየተሸከመ አውርዶ ቤት እንደሠራበት። «ግማሹ ከተማ የግንቡ ልጅ ነው» ሲል ዓይኑ ያበራል። በመጨረሻ ሁልጊዜ አንድ ነገር ይጠይቃታል። «አንድ ቀን አብረሽኝ ውጪ። ያቺ መስኮት ጋ ፊት ለፊት እንቀመጥ።» እሷም «ነገ» ትለዋለች፤ ልብስ አለባት፣ ሠርገኛ አለባት፣ የተማሪ ዩኒፎርም አለባት። እውነት ለመናገር ልትወጣም አስባ ነበር።

ኋላ ግን ሴት ልጃቸው ተወለደች። ምጡ ድንገት መጣ፤ ጎረቤት ተሯሩጦ፣ አዋላጅ ተጠርታ፣ ሕፃኗ ታጥባ ተጠቅልላ ካበቃ በኋላ ጋሽ ግንቡ ደረሰ። ጎብኚ ይዞ ነበር፤ ባልዲው ላይ ደርሶ ነበር አሉ። እትዬ መርፌ አልጋዋ ላይ እንደተጋደመች፣ የሰፈሩ ሴት ሁሉ እየሰማ፣ «ያንን ግንብ ብረግጥ እግሬ ይቆረጥ!» አለች። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም እንደሚባለው፣ ያችን መሐላ ይዛ ልጅ አሳደገች፣ ልጅ አስተማረች፣ ፀጉሯም ሸበተ። እሱም ይቅርታ አልጠየቀ፣ እሷም አልወጣች። ይዋደዱ ነበር ደግሞ፤ ይህን ማንም አይክድም። ብቻ በመሃላቸው ያ ዳገት ነበር።

ከጊዜ በኋላ ማማው ላይ ስንጥቅ ወጣ። ጋሽ ግንቡ በስንጥቁ ላይ፣ አንዱን ጫፍ ከወዲህ ሌላውን ከወዲያ አድርጎ፣ ጣት የምታህል ቁራጭ መስታወት በጀሶ ለጠፈ። ግድግዳው ትንሽ ፈቀቅ ቢል መስታወቷ ትሰበራለች፤ ካልተሰበረች ግድግዳው ደህና ነው። በየሳምንቱ ያያታል። ማታ ሲገባ «እንዴት ዋልሽ» ከማለቱ በፊት «መስታወቷ ደህና ናት» ይላል። «እኔስ?» ትለዋለች።

ታዲያ በስተርጅና ልቡ ታመመ። ሐኪሙ እሷንና ነርስ የሆነችውን ልጇን ወደ ኮሪደሩ አውጥቶ፣ «ልቡ በጣም ደክሟል። ከድንጋጤ ጠብቁት፤ አንድ ድንጋጤ ሊወስደው ይችላል» አላቸው። ሰውዬው አልጋ ላይ ዋለ። መኝታ ቤቱ የጓሮ በኩል ስለሆነ መስኮቱ ኮረብታውን አያሳይም። ልጅቷ ሥራዋ ሌላ ከተማ ነው፤ እረፍት ስታገኝ ብቻ ትመጣለች። መስታወቷን የማየት ነገር ለጎረቤቱ ለአናጢው ተሰጠ።

ክረምቱ ከረረ። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ፣ ዝናቡ ካባራ ወዲያ፣ መሬቱን ያንቀጠቀጠ ድምፅ ተሰማ። «ምንድን ነው?» አለ ጋሽ ግንቡ ከትራሱ ቀና ብሎ። እትዬ መርፌ ወደ ፊተኛው ክፍል ሮጣ በመስኮት አየች፤ ከኮረብታው ላይ አቧራ ሲነሳ፣ ማማው የነበረበት ቦታ ሰማይ ብቻ ሆኖ አየች። ክው አለች። ግን ምላስ የተሰጣት ለዚህ ቀን ነው መሰለኝ፣ «የጭነት መኪና ድንጋይ ገልብጦ ነው፤ እነዚህ ሾፌሮች እኮ ሰው ያለ አይመስላቸውም!» አለች።

አናጢው እያለከለከ መጣ፤ በር ላይ ይዛ አስቀረችው። «ትንፍሽ እንዳትል!» አለችው። ነገር ግን አናጢው ውሸት የማይዋጣለት ሰው ነው፤ ገና ሳይናገር ጆሮው ይቀላል። በማግስቱ ጋሽ ግንቡ «መስታወቷን አይተህልኝ ና» ብሎ ቢያስጠራው፣ እግሬ አውጪኝ ብሎ እህቱ ቤት ሄዷል። በሽተኛው ተገላበጠ፣ ተበሳጨ፣ ምግብ እምቢ አለ። በመጨረሻ ወደ ሚስቱ ዞረ።

«አንቺ ሂጂልኝ» አላት። «መሐላ እንዳለብሽ አውቃለሁ። በሞቴ ግን ሂጂልኝ።»

ሳትሄድ ሄድኩ ማለት ይቻላት ነበር። ግን ባሏን ታውቀዋለች፤ ስለዚያ ቦታ አንድ ነገር አሳስታ ብትናገር ይነቃባታል፣ ከነቃባት ደግሞ ልቡ አይችለውም። ስለዚህ ጨርቄን ማቄን ሳትል ጫማዋን አጠለቀች። «እግሬም ከተቆረጠ ይቆረጥ፤ ለሱ የማይሆን እግር ምን ይሠራልኛል» እያለች ዳገቱን ተያያዘችው። ቀይ ጭቃው ጫማዋን ይይዛል። በየመታጠፊያው እየቆመች ግንቡን ትሳደባለች። «መጣሁልሽ! ደስ ይበልሽ! ይኸው በእግሬ አስመጣሽኝ!»

ላይ ስትደርስ ግን ስድቡ ጠፋባት። ማማው ክምር ድንጋይ ሆኗል። ያ መስኮት የለም፤ ከሁለቱ መቀመጫዎች የአንዱ ስባሪ ብቻ በጭቃው ውስጥ ተደፍቷል። ጣውንት ስትሞት ደስ ይላል ያለው ማነው? እትዬ መርፌ ድንጋዩ ላይ ዝርፍጥ ብላ፣ አብሯት እንዳረጀ ሰው፣ ስቅስቅ ብላ አለቀሰች። «አንድ ቀን እንኳ ሳልቀመጥብሽ!» አለች።

አልቅሳ ሲወጣላት፣ በሣሩ መሃል ብልጭ የሚል ነገር አየች። መስታወቷ! ጫፏ ላይ ጀሶው እንደተጣበቀ፣ አንድ ጭረት ሳይነካት ተኝታለች። እልል ልትል ምንም አልቀራት። «መስታወቷ ካልተሰበረች ግድግዳው ደህና ነው» የሚለውን ዕድሜ ልኳን ሰምታለች። ከዚህ የበለጠ ምን ማስረጃ አለ? በቀሚሷ ጠርጋ ብብቷ ሥር አደረገቻት።

ልትነሳ ስትል ደግሞ ሌላ ነገር አየች። ሳይፈርስ በቀረው ግድግዳ ሥር፣ ባሏ ሲቀመጥበት የኖረ ድንጋይ አለ፤ ላዩ ላይ ድሮ ከቁርጥራጭ ጨርቅ የሰፋችለት ትራስ በላስቲክ ተሸፍኖ ተቀምጧል። ድንጋዩ ወደ መግቢያው አይዞርም፣ ወደ ወንዙም አይዞርም። ቁጭ ብላ አየችው፣ ወዴት እንደሚዞር። ቤታቸው ታየ። ጣሪያው፣ ግቢው፣ የልብስ ማስጫው ገመድ፤ ከዛፉ ሥር ደግሞ፣ ብርሃን ለማግኘት ብላ ዘወትር የምታወጣት የስፌት መኪናዋና ወንበሯ። ስትሰፋ፣ ስታሰጣ፣ ጎረቤት ስትቆጣ፣ ልጅ ስታጠባ የኖረችበት ግቢ መዳፍ ላይ እንዳለ ሆኖ ይታያል። ስንት ዘመን ሙሉ «እሱ ከሷ ጋር ነው» ስትል፣ ሰውዬው እዚህ ተቀምጦ እሷን ሲያይ ነበር የሚውለው።

ቤት ገብታ ግን ስለዚህ አልተነፈሰችም። ኩራቷ ያዛት። ይልቅ መስታወቷን አውጥታ፣ «ይኸው! በዓይንህ እንድታያት ብዬ ነቅዬ አመጣሁልህ። ጭረት እንኳ የላትም!» ብላ መዳፉ ላይ አስቀመጠችለት።

ጋሽ ግንቡ መስታወቷን ገለበጣት። በአውራ ጣቱ ጀርባዋን ዳበሰ። ከዚያ ዓይኑን ወደ ሚስቱ እግር፣ ጭቃ ወደ በላው ጫማዋ አወረደ። «ጎሽ» አለ በመጨረሻ። «ደህና ናታ። ሌላስ ምን አየሽ?»

«ወንዙን አየሁ።»

«ሌላስ?»

«መንገዱን፣ መኪናውን።»

«ሌላስ?»

«ሌላ ምን ይታያል፣ ድንጋይ ነው!» አለችና ሾርባውን ልታሞቅ ወጣች። እሱም ያን ቀን ሾርባውን ሙሉ በሙሉ ጠጣ።

ከዚያ በኋላ ልማድ ሆነ። በየጥቂት ቀኑ «ሂጂልኝ» ይላታል፤ ትወጣለች፤ ተመልሳ ትዋሻለች። ማማው ቆሟል፣ እርግብ ጎጆ ሠርቶበታል፣ መስኮቱ ሥር ሣር በቅሏል። እሱ ዓይኑን ጨፍኖ ይሰማና «ሌላስ?» ይላል። አንድ ቀን ኮረብታው ላይ ሆና ሁለት ጎብኚዎች፣ ወጣት ባልና ሚስት፣ ደረሱባት። «እናታችን፣ የግንቡ አስጎብኚ እርስዎ ነዎት?» አሉ። አይደለሁም ልትል አፏን ከፍታ፣ «በጥንት ዘመን» ብላ ጀመረች። ቃል በቃል ወጣችው! ባልዲው ጋ ስትደርስ ግን የራሷን ጨመረች። «ባልዲውን የለቀቀው ወንድምየው ነው ይላል ባለቤቴ። እኔ ግን ሚስቱ ናት እላለሁ። ወንድ ልጅ ጥም ቢገድለው እንኳ አፍሮ ይሞታል እንጂ ባዶ ባልዲ አያወርድም።» ጎብኚዎቹ ሳቁ፤ ሚስትየዋ ባሏን በክርኗ ጎሰመችው። ይህን ስትነግረው ጋሽ ግንቡ እስኪያስለው ሳቀ። «እንደሱ ይሻላል» አለ። «ከዛሬ ጀምሮ ታሪኩ እንደሱ ነው።»

ነርሷ ልጃቸው እረፍት አግኝታ ስትመጣ አባቷን ፊቱ ወዝ አውጥቶ አገኘችው። ማማው መውደቁን በስልክ ሰምታለች፤ እንዳትናገርም ተመክራለች። የልብ ምቱን ልትለካ ጎንበስ ስትል ከራስጌው ጠረጴዛ ላይ መስታወቷን አየቻት። አነሳቻት፤ ገለበጠቻት። ከዚያ እናቷን በእጅ ጎትታ ወደ ማእድ ቤት አስገባቻት።

«እማ፣ ይህን ማን አመጣው?»

«እኔ ነኛ! አለመሰበሯን ያይ ብዬ።»

«ውይ እማ! ልጅ ሆኜ ጀሶውን የማቦካለት እኔ ነበርኩ። ግድግዳ ላይ የተለጠፈ መስታወት ሳይሰበር አይነቀልም፤ ለመቀየር ስንነቅለው ሁሌ ይሰበር ነበር። ደግሞ እዪው ጀርባውን፣ የድንጋይ ቅርፊት ይዞ ነው የመጣው። ሙሉ መስታወት እቤት መጣ ማለት እኮ ግድግዳው የለም ማለት ነው። አባባ ይህን ሳያውቅ ይቀራል?»

እትዬ መርፌ ማማሰያውን እንደያዘች ደርቃ ቀረች። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይሉታል፤ ለሷ ግን ከሁሉ ዘግይቶ ጠራ። ያ ሁሉ ወሬዋ፣ ያ እርግብ፣ ያ ሣር! ማማሰያውን ወርውራ መኝታ ቤት ገባች።

«አንተ ሰውዬ» አለችው፣ «ማማው ወድቋል።»

«አውቃለሁ» አላት።

«ከመጀመሪያው ቀን?»

«መስታወቷን ከሰጠሽኝ ደቂቃ።»

«ልብህስ? እኔ እዚህ ልቡ ይቆምብኛል ብዬ እንቅልፍ አጥቼ!»

«እኔም የሚቆም መስሎኝ ነበር» አለ ቀስ ብሎ። «ግን ዓይኔን ዝቅ ሳደርግ ጫማሽን አየሁት። ቀዩ ጭቃ እዚያ ላይ እንጂ ሌላ ቦታ የለም። ወጥታልኛለች አልኩ። ከዚያ በኋላ ግንቡ ትዝ ያለኝ ውሎ አድሮ ነው።»

እትዬ መርፌ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። ልትቆጣ ፈለገች፣ ቁጣው አልመጣ አላት። «ታዲያ ካወቅህ ለምንድን ነው በየጊዜው ዳገት የምታስወጣኝ? ጉልበቴ ይውለቅ ብለህ ነው?»

«ስትወልጂ አልነበርኩም» አለ። «ይቅርታ ጠይቄሽ አላውቅም፤ ዛሬ ልጠይቅሽ። ይቅር በይኝ። ግን እዚያ ላይ ሰው ሁሉ ወንዙን ሲያይ እኔ የማየው ሌላ ነበር። በአፌ ብነግርሽ ‹ቅቤ አንጓች› ትይኛለሽ፤ አውቅሻለሁ። ራስሽ አይተሽ እንድትነግሪኝ ነበር ‹ሌላስ? ሌላስ?› የምልሽ።»

«አይቼዋለሁ!» አለችና እንባዋ ዱብ ዱብ አለ። «መጀመሪያ ቀን ነው ያየሁት። ቤታችንን፣ መኪናዬን፣ ሁሉንም። ትራሱ ላይ ተቀምጬ!»

«ታዲያ ምነው ዝም አልሽ?»

«እልሄ ነዋ!»

ሳቁም አለቀሱም። ከዚያ ጋሽ ግንቡ ስለ ማማው ጠየቀ፤ የቱ በየት በኩል እንደወደቀ፣ መቀመጫዎቹ እንዴት እንደሆኑ። አሁን አንድም ሳትዋሽ ነገረችው፣ እሱም ትራሱ ላይ እንባው እየወረደ እስከ መጨረሻው ሰማት። ልጃቸው በሩ ላይ ቆማ የልቡን ነገር ብትፈራም፣ ልቡ ምንም አልሆነም።

በማግስቱ ማንም ሂጂልኝ ሳይላት እትዬ መርፌ ወጣች። ጠዋቱ ብራ ነበር። ድንጋዩ ላይ ተቀምጣ ትንፋሿን ሰብስባ ቁልቁል ስታይ፣ ግቢው ውስጥ ሰው አለ። ስንት ጊዜ ከአልጋ ያልወረደው ሰውዬ፣ ፒጃማውን እንደለበሰ፣ ከዛፉ ሥር በእሷ ወንበር ላይ ተቀምጧል። ልጃቸው ጎኑ ቆማለች። ፊቱን ወደ ኮረብታው አዙሮ፣ እጁን ግንባሩ ላይ ጋርዶ ይፈልጋታል።

«ውይ እኔን! ብርድ ሊመታው ነው!» ብላ ተነሳች። ቁልቁል ልትሮጥ፣ ደርሳ ልትጮህበት ነበር። ግን ሻሿን ፈትታ አውለበለበችለትና ተመልሳ ተቀመጠች፤ ልጅቷ ይዛው እስክትገባ ድረስ አየችው።